አሥራ አራት ላሞችና አንድ ባለካሬ ኮት

አዋጅ! በለንደን ከተማ፣ ከካምደን እስከ ኬንቲሽ ታውን በየፎቁ የተሰገሰግህ፣ ሻይህን ይዘህ በየቴሌቪዥንህ ፊት የተጎለትህ ሁሉ፣ ጆሮህን ስጥ! ግርማ ሞገሱ የላቀው የነብራስካ የገበሬ ልጅ ዋልዶ ክሬብስ፣ በሃያ ስድስት ዓመት የአገልግሎት ዘመኑ አሥራ ሁለት ጊዜ ጄኔራል፣ አሥራ አምስት ጊዜ የነዳጅ ከበርቴ፣ ዘጠኝ ጊዜ ወሮበላ፣ አንድ ጊዜም በስህተት የካናዳ ቄስ ሆኖ ተሹሟል። ሠላሳ አንድ ጊዜ ተገድሏል፤ ከእነዚህ ሃያ አራቱን የሞተው ከረፋዱ የሻይ ሰዓት በፊት ነው። ስሙን የሚያውቅ የለም፤ ፊቱን የማያውቅም የለም። አሮጊቶች አውቶቡስ ውስጥ በጃንጥላቸው ጫፍ ጎሸም እያደረጉ፣ «አንተ፣ ያለፈው ማክሰኞ የተገደልከው አይደለህም?» ይሉታል። «ነኝ፣ እመቤቴ» ይላል። «ደግ አደረጉህ!» ይሉታል። ለዚህ ክብር ያበቃው የእንግሊዝ የኪነ ጥበብ መንግሥት ለዘላለም ይኑር!

አዋጁ እዚህ ላይ አበቃ። ከዚህ በኋላ ያለው ንዴት ብቻ ነው።

በዚያ አገር የቴሌቪዥን ድራማ፣ አሜሪካዊ ምን መምሰል እንዳለበት በሕግ የተደነገገ ይመስላል። ክፍል ሲገባ አያንኳኳም። ሲጋራው የጣውላ ያህል ወፍራም ነው። ሻይ ሲያቀርቡለት ውስኪ ይጠይቃል፤ የሰው ሚስት ትከሻ ያቅፋል፤ ይጮኻል፤ ሦስተኛው ትዕይንት ሳይደርስም ወይ ይገደላል ወይ ይሳቅበታል። ለዚሁ ሥራ ተብሎ በአልባሳት ክፍሉ መስቀያ ላይ አንድ ቢጫና ቡናማ ባለካሬ ኮት ተሰቅሎ ይኖር ነበር። አንገትጌው ላይ «አሜሪካዊ» የሚል ወረቀት ተሰፍቶበታል። ከአሥር ዓመት በኋላ አንድ ሰው ያንን ሰርዞ «ክሬብስ» ብሎ ጻፈበት። ሹመት ማለት እንግዲህ ይህ ነው፤ ሰውየው በኮቱ መጠራቱ ቀርቶ ኮቱ በሰውየው ተጠራ።

ይህን ኮት በየዓመቱ ከወገቡ በኩል ትንሽ ትንሽ የምትለቅለት ልብስ ሰፊዋ ዊኒ ነበረች። አንድ ቀን መርፌዋን በከንፈሯ ይዛ ወገቡን ስትለካ፣ «አገርህ ሰው ሁሉ እንዲህ ይጮኻል እንዴ?» አለችው።

«አባቴ በቀን አራት ቃል ይናገር ነበር» አላት። «እሑድ እሑድ ሦስት።»

ያን ቀን ወደደችው። በሦስተኛው ጄኔራልና በአምስተኛው ከበርቴ መካከል ተጋቡ።

ስለ አባቱ የነገራት ታሪክ አንድ ነው፤ ያንኑ አንዱን ሃያ ጊዜ ነግሯታል። በ1934ቱ ድርቅ ነብራስካ ውስጥ ሣር የሚባል ጠፋ። ላሞቹ የአጥሩን እንጨት ይልሱ ጀመር። የመንግሥት ሰዎች መጡና የከሱትን ላሞች ከየገበሬው ገዝተው፣ ከኮረብታው ጀርባ በጥይት ሊጨርሷቸው ነዷቸው። የክሬብስ ቤት አሥራ አራት ነበሩ። አባትየው በረቱ በር ላይ ቆሞ የመጨረሻዋ እስክትወጣ አየ። ኮፍያውን አወለቀ። ቆመ። መልሶ አደረገው። ከዚያ ዘጠኝ ዓመት ለሞላው ለዋልዶ ቀስ ብሎ፣ «በሩን ዝጋው» አለው። በረቱ ውስጥ የሚወጣም የሚገባም ነገር አልነበረም። ዋልዶ ዘጋው። አባቱ ከዚያ ቀን አንስቶ ጸደይ እስኪገባ ድረስ አንዲት ቃል አልተነፈሰም።

ይህን ታሪክ ከዊኒ ሌላ የሰማች አንዲት ሴት ነበረች፤ እሷም ሞራግ ኢንስ የተባለች፣ ከስኮትላንድ የመጣች ደራሲ ናት። ዋልዶ አንድ ስቱዲዮ ውስጥ ለሠላሳኛ ጊዜ በሚገደልበት ሰሞን፣ በመመገቢያ አዳራሹ በአራት ተከታታይ የሻይ ሰዓት ጠየቀችው፣ አዳመጠችው፣ አለቀሰች። «ይህን እጽፈዋለሁ፣ ዋልዶ» አለችው። «የምጽፈውም ላንተ ነው። ሌላ ሰው አይነካውም።» በዓመቱ ስድስት ክፍል ያለው ድራማ ሆኖ ተጽፎ አለቀ። ዋናው ሰው ሃንክ ይባላል፤ ዝምተኛ ገበሬ ነው። ሃንክ የዋልዶ አባት ነው። ኮፍያው እንኳ የእሱ ነው።

ከዚያ ወዲያ ዋልዶ በዚህ ዓለም ላይ የሚፈልገው አንድ ነገር ብቻ ሆነ፤ አባቱን ሳይጮህ በቴሌቪዥን መስኮት ላይ ማቆም። ሃያ ስድስት ዓመት እንደ አባቱ ልጅ ሳይሆን እንደ ጎረቤት አህያ ሲጮህ ኖሯል። አንድ ጊዜ፣ አንዲት ጊዜ ብቻ፣ እንደ አባቱ ዝም ማለት ፈለገ። ይህ ትልቅ ልመና ነው? ዝምታ ከመንግሥት ግምጃ ቤት አይወጣም!

ለሃንክ ቦታ ሊፈትኑት ጠሩት። አዘጋጁ ጁልያን ሄስኬት ይባላል፤ አንገቱ ላይ የሐር ሻሽ የሚጠመጥም፣ ሰው ሲያናግር ዓይኑን የሚከድን ሰው ነው። ሞራግ ከጎኑ ተቀምጣለች። ጠረጴዛው ላይ ሻይና የብስኩት ሳህን አለ። ዋልዶ ቆመ፤ የሌለውን ኮፍያ አወለቀ፤ ቆየ፤ አደረገው፤ በገዛ ድምፁ፣ እናቱ በምታውቀው ድምፅ፣ «በሩን ዝጋው» አለ።

«እጹብ ድንቅ!» አለ ሄስኬት። በእነሱ ዘንድ ሰው እጹብ ድንቅ ከተባለ ኮቱን ይዞ መውጣት ይሻለዋል። «እጅግ የሚነካ ነው። እንዲያው ትንሽ... እንዴት ልበልዎት... አሜሪካዊ ቢያደርጉልን?»

«የተወለድኩት ነብራስካ ነው።»

«እሱማ ማን ይክዳል፣ የኔ ጌታ! ግን እኛ ዘንድ ብዙ ከረሙ። አነጋገርዎ ለስልሷል። ተመልካቹ የሊድስ ከተማ የጥርስ ሐኪም ነው ብሎ ቢጠረጥር ምን እንላለን?»

«አባቴ የሚናገረው እንዲህ ነበር።»

«አባትዎ ተዋናይ አልነበሩማ!» አለና ሄስኬት በራሱ ቀልድ ዓይኑን ከደነ።

ዋልዶ ወደ ሞራግ ዞረ። «አንቺስ?»

ሞራግ ሳህኑ ላይ ብስኩት ትመርጥ ነበር። አንዱን አነሳች፤ መለሰችው፤ ሌላ አነሳች። «ጁልያን የሚያየው... ሰፋ ያለ ነገር ነው» አለች። ያለችውም ለብስኩቱ ነው። በአራት የሻይ ሰዓት የፈሰሰው እንባ ይኸው በአንድ የሻይ ሰዓት ደረቀ።

የሃንክ ቦታ ለፔሪግሪን ሎደር ተሰጠ። ፔሪግሪን የጳጳስ ቁመናና የጳጳስ ድምፅ ያለው፣ አያቱ ሎርድ፣ ውሻው ሳይቀር ባለማዕረግ የሆነ እንግሊዛዊ ነው። ነብራስካን በካርታ ላይ አሳየኝ ብትለው ጣቱ ሜክሲኮ ላይ ያርፍ ነበር። ከባለቤቱ ያወቀ ቡዳ ነው ይላል የኛ ሰው። ቡዳ እንኳ ዓይኑን የሚጥለው በሰው ልጅ ላይ ነው፤ እነዚህ ግን የሰው አባት በሉ።

በሦስተኛው ቀን የዋልዶ ወኪል ዳፍኒ ደወለች። ዳፍኒ በሕይወቷ መጥፎ ዜና ተናግራ አታውቅም፤ ቀብር እንኳ ስትነግርህ እንደ ሰርግ ነው። «የኔ ውድ፣ አልረሱህም!» አለችው። «ጎረቤቱን ትሠራለህ! ወደ በረቱ መጥቶ የሃንክን ትከሻ መታ አድርጎ፣ ‹ክፉ ቀን ነው፣ ሃንክ! የተረገመ ክፉ ቀን!› የሚለውን። ኮቱንም አዘጋጅተውልሃል። በዚያ ላይ ፔሪግሪንን አነጋገር ታስተምርልናለህ። እሱ ራሱ ነው በስምህ የጠየቀህ፤ ምን ዓይነት ትሑት ሰው ነው!»

ዊኒ ከወጥ ቤት ሰምታ ወጣች። «እንቢ በላት።»

ዋልዶ የስልኩን አፍ በእጁ ከደነው። «እንቢ ካልኩ አባቴን ከፔሪግሪን ጋር ብቻውን መተዌ ነው።»

«አንተ ሰውዬ፣ አባትህን ሰርቀውት ጫማውን አንተው እንድትጠርግ ነው የጠሩህ!»

«ቢያንስ ጫማው ይጸዳል» አለና፣ «እሺ» አላት ዳፍኒን።

እዚህ ላይ በዋልዶም መናደዴን አልደብቅም። ባለቤቱን ካልናቁ አጥሩን አይነቀንቁም፤ ሃያ ስድስት ዓመት አጥሩ ሲነቀነቅ ችካል እያቀበለ የኖረው እሱ ራሱ ነው።

ልምምዱ ሃመርስሚዝ ውስጥ በአንድ የቤተ ክርስቲያን አዳራሽ ተጀመረ። በሙያው ወግ መሠረት ወለሉ ላይ ባለቀለም ፕላስተር ተለጠፈ፤ ቀዩ ግድግዳ፣ ሰማያዊው በር፣ ቢጫው የነብራስካ በረት ሆነ። ፔሪግሪን በቢጫው መስመር መሐል ቆሞ ደረቱን ነፋ።

«አሜሪካኛ እንኳ ብዙ አታስተምረኝም» አለ። «ልጅ ሆኜ ቶርኪ ከተማ ሲኒማ ቤት ሦስት የትምህርት ዕረፍት ሙሉ የካውቦይ ፊልም አይቻለሁ።»

«ደህና። እዚህ ጋ አባቴ...» ዋልዶ አረመ፤ «እዚህ ጋ ሃንክ ኮፍያውን ያወልቃል። ይቆማል። መልሶ ያደርጋል። ከዚያ ነው የሚናገረው፤ ቀስ ብሎ።»

«ስንት ሰከንድ ነው የሚቆመው?»

«አልቆጠርኩም። ዘጠኝ ዓመቴ ነበር።»

«የኔ ውድ፣ እኔ ያን ያህል ዝም ብል ተመልካቹ ምን ሊሰማ ነው?»

«ላሞቹን።»

«ላሞቹን!» ፔሪግሪን ወደ ሌሎቹ ተዋንያን ዞረ። «ሰማችሁ ወይ? ሠላሳ ዓመት ደክሜ ደክሜ ላም ልትበልጠኝ ነው!»

«ልትበልጥህ ትችላለች» አለ ዋልዶ።

አዳራሹ በሳቅ ፈነዳ። አሜሪካዊ ሳይጮህ ሲቀልድ ያዩት የመጀመሪያቸው ነው። ፔሪግሪን ግን አልሳቀም። ቀረብ ብሎ ትከሻውን ያዘው፤ እንደ ሕፃን ሊያስረዳው።

«አየህ ዋልዶ፣ አሜሪካኖች ዝም አይሉም። ዓለም የሚያውቀው ነው።»

«አባቴ ዝም ይል ነበር።»

«እሱማ አንድ ሰው ነዋ!»

አንድ ሰው! ወገኖቼ፣ ይህን ቃል ያዙልኝ። ተውኔት የሚባለው ነገር ሁሉ፣ መጋረጃው፣ መብራቱ፣ የትኬት ሰልፉ፣ የመጣው ስለ አንድ ሰው ለመናገር መስሎን ነበር። ለካ አንድ ሰው አይበቃም! ለካ ሰው ከመሆን በፊት ሰፊውን ሕዝብ መምሰል ያስፈልጋል፤ የነብራስካው ገበሬ ላሞቹ ሲሄዱ ዝም ከማለቱ በፊት ቶርኪ ሲኒማ ቤት ሄዶ ፈቃድ ማውጣት ነበረበት!

ዋልዶ ሃያ ሦስት ቀን አስተማረ። አባቱ እጁን የት እንደሚያደርግ፣ ክብደቱን በየትኛው እግሩ ላይ እንደሚጥል፣ ኮፍያውን በሁለት ጣት እንደሚይዝ፣ ሁሉን አስረከበ። ፔሪግሪን ሁሉን ጻፈ። ሁሉንም በሚያምር የቆዳ ደብተር ጻፈና ደብተሩን ዘጋው።

ቀረጻው ወደ ሊንከንሻየር ገጠር ሄደ፤ ሜዳው ነብራስካን ይመስላል ተብሎ። ድርቁን ለመቅረጽ ዝናቡ እስኪያባራ አምስት ቀን ተጠበቀ። ሣሩ በጣም ለምለም ስለነበረ ሦስት ሰዎች የመጋዝ ብናኝ በባልዲ ይዘው በተኑበት። ላሞቹ እንደ ሆላንድ ቡርጆ ወፍራም ነበሩና ጎናቸው ላይ የጎድን አጥንት በጥላሸት ተሣለላቸው። የላሞቹ ባለቤት ግሪስት የሚባል የዚያው አገር ገበሬ ነው። በቦት ጫማው አጥሩን ተደግፎ ይህን ሁሉ ሲያይ ዋለ፤ ፊቱ ላይ አንድም ነገር አልታየም። የተናገረው አንድ ጊዜ ብቻ ነው፤ ጠዋት ለሄስኬት።

«አሥር ሰዓት ላይ ይታለባሉ።»

«ትንሽ ብንዘገይስ?»

«ንግሥቲቱ ብትመጣ ባልዲ ትይዝልኛለች እንጂ አታስቆመኝም።»

ሄስኬት ይህን የገጠር ቀልድ መስሎት ዓይኑን ከደነ። ይህች ናት ስህተቱ። ስቱዲዮ ውስጥ ኖሮ፣ ሁሉም ነገር ሁለት ጊዜ ይደገማል ብሎ ያምናል፤ ጡት የሞላ ላም ግን አይደገምም።

ዘጠኝ ከአርባ ላይ ፀሐይ ብቅ አለች። ካሜራው ዞረ። ላሞቹ በበሩ እየወጡ አለፉ። ፔሪግሪን ኮፍያውን ነጥቆ መሬት ወረወረው፤ ደረቱን ያዘ፤ በመጋዝ ብናኙ ላይ በጉልበቱ ወደቀና ወደ ሰማይ አንጋጦ፣ «በሩን ዝጋው! ዝጋውውው!» ብሎ ሲጮህ ከዛፉ ላይ ቁራዎች ተነሱ። የመብራት ሠራተኞቹ ሳይቀሩ ዓይናቸው እንባ አቀረረ። አሁን የዋልዶ ተራ ነው። ባለካሬ ኮቱን ለብሶ፣ ኮፍያ አድርጎ፣ ጣውላ የሚያህል ሲጋራውን ለኩሶ ከበሩ አጠገብ ቆሟል። ሄዶ ትከሻ መምታት፣ መጮህ፤ ሃያ ስድስት ዓመት የሠራው ሥራ ነው፤ ተኝቶም ይችለዋል።

የመጨረሻዋ ላም ግን ከበሩ ወጥታ ቆመችና ዞራ አየችው።

ዋልዶ ሲጋራውን ከአፉ አውጥቶ እንደነደደ ኪሱ ውስጥ ከተተው። ኮፍያውን በሁለት ጣት አወለቀ። ክብደቱን በግራ እግሩ ላይ ጣለ። ቆመ። ላሞቹ ብቻ ይሰሙ ነበር። ካሜራው እየዞረ ነው። ኮፍያውን መልሶ አደረገ። ሄደና ራሱ በሩን ዘጋው።

«አቁም!» አለ ሄስኬት። «ዋልዶ፣ ምን ነካዎት? ንግግርዎ የት ሄደ?»

«ጎረቤታችንም ያን ቀን ምንም አላለም» አለ ዋልዶ።

«ኪስዎ እየጨሰ ነው!»

እውነትም ይጨስ ነበር። ከቀረጻው ሠራተኞች አንዷ ሻይዋን ደፋችበት። ሄስኬት እጁን አጨበጨበ፤ «በሉ እንደገና! ላሞቹን መልሱልኝ!»

ግሪስት አጥሩን ዘሎ መጣ። ሰዓቱን አላየም። «አሥር ሰዓት ነው።»

«አንድ ጊዜ ብቻ፤ እለምንዎታለሁ!»

«ጡታቸው እየፈሰሰ ነው፣ ጌታዬ።»

ዱላውን አንስቶ ላሞቹን አዞረ። በፔሪግሪን አጠገብ ሲያልፍ ሰውየውን እንደ አጥር እንጨት አለፈው። ዋልዶ ጋ ሲደርስ ግን ቆመ። ፊቱን ለጥቂት ጊዜ አየው።

«ስንት ነበሩ?» አለው።

«አሥራ አራት።»

ግሪስት ራሱን ነቀነቀ። «የኔ ሃምሳ ሁለት። በእግርና አፍ በሽታ ጊዜ፤ ሁሉንም በአንድ ከሰዓት ጨረሷቸው።» ቆቡን አወለቀ፤ አደረገው፤ ሊያልብ ሄደ።

ዋልዶ በማግስቱ በባቡር ሲመለስ፣ ዊኒ በሩን ስትከፍትለት ኮቱን ሳያወልቅ፣ «ገባ» አላት። «አባቴ ድራማው ውስጥ ገብቷል። ድጋሚ የለም፤ ላሞቹ የሉም። ያለው ያ ብቻ ነው።» ዊኒ የተቃጠለውን ኪስ እያየች ሳቀች፤ ከዚያ አለቀሰች፤ ከዚያ ለሚተላለፍበት እሑድ አንድ ጠርሙስ የሼሪ ወይን ገዛች።

እሑድ መጣ። ስድስተኛው ክፍል። ሁለቱ ሶፋው ላይ ጎን ለጎን ተቀመጡ። ላሞቹ ወጡ። ፔሪግሪን ወደቀ፤ ጮኸ። ከዚያ ምስሉ ተቀየረና ዋልዶ ከኋላው ታየ፤ ሰፊ ጀርባ፣ ባለካሬ ኮት፣ ማጅራት። ኮፍያው ወለቀ። ከዚያ ማጅራቱ ተናገረ።

«ክፉ ቀን ነው፣ ሃንክ! የተረገመ ክፉ ቀን! ሃ!»

ማጅራት ሲናገር ሰምተህ ታውቃለህ? ዋልዶ ያን ቀን ሰማ። ኮፍያው ከራሱ የወረደው እንደሚቀብር ሰው መሆኑ ቀርቶ፣ ሙቀት እንዳስቸገረው የበሬ ነጋዴ ሆነ። አባቱ በቴሌቪዥን መስኮት ላይ ቆመ፤ በገዛ ልጁ ጀርባ ውስጥ ገብቶ ጮኸ።

«ይሄ ድምፅ ያንተ አይደለም» አለች ዊኒ።

«አይደለም።»

«የማነው?»

ዋልዶ ሃያ ሦስት ቀን አስተምሮታል፤ አይስተውም። «የፔሪግሪን።»

ሼሪው ሳይከፈት ቀረ።

ጠዋት ሄስኬት ራሱ ደወለ፤ ሳይጠየቅ ሊያረጋጋ። «እንዳይከፋዎት፤ ፔሪግሪን በኋላ ስቱዲዮ ገብቶ ድምፁን በሁለት ሻይ መካከል ነው የሠራልን። እንዴት ያለ ለጋስ ሰው ነው፤ ስሙ እንኳ አይጻፍ አለ! የእርስዎ ስም ከተዋንያን ዝርዝር አልወጣም፤ የፕሮግራም መጽሔቱን ይመልከቱ።» ዋልዶ አየ። እውነትም ነበረ። በሃያ ስድስት ዓመት ውስጥ ስሙ ለመጀመሪያ ጊዜ በትልቁ ተጽፎ ነበር።

ከሁሉ የከፋው ግን ጋዜጣው ነው። ዊኒ ዳቦ ላይ ማርማላድ እየቀባች ጮክ ብላ ማንበብ ጀመረችና ድምጿ ቀስ በቀስ ወረደ። የቴሌቪዥን ሐያሲው፣ መቼም ሐያሲ ከሶፋው ሳይነሳ ፈረስ የሚጋልብ ሰው ነው፣ ፔሪግሪን ሎደርን ሰማይ ከሰቀለ በኋላ እንዲህ ብሎ ነበር፦ «አንጋፋው ዋልዶ ክሬብስ ባለፉት ዓመታት የሟሟ የመሰለውን ድምፁን በአንዲት መስመር መልሶ አግኝቷል። እውነተኛ አሜሪካዊ ምን እንደሚመስል ለመስማት ያቺን አንዲት ጩኸት መስማት ይበቃል።»

ዋልዶ ጋዜጣውን ተቀብሎ ሁለት ጊዜ አነበበው። «ሃያ ስድስት ዓመት ጮህኩላቸው» አለ፤ «አንድ ቀን ዝም ብል ጩኸቱን ከሌላ ሰው ተውሰው ሸለሙኝ።»

«ተነስ» አለችው ዊኒ።

«ወዴት?»

«አንተ ተቀመጥ። እኔ ነኝ የምነሳው።»

የተቃጠለውን ኪስ ልትጠግን ኮቱን እቤት አስቀርታው ነበር። መቀሷን አወጣች። ሃያ ስድስት ዓመት የለቀቀችውን ወገብ ሁሉ ስፌት በስፌት ተረተረችው፤ ከዚያ ቆረጠችው፤ ማታ ላይ የጎረቤት ውሻ አዲስ ባለካሬ ፍራሽ ነበረው። «ክሬብስ» የሚለውን ወረቀት ለይታ ምድጃ ውስጥ ጣለችው። በአልባሳት ክፍሉ መዝገብ ላይ ከኮቱ ስም አንጻር «ተቃጠለ» ብላ ጻፈች፤ እውነትም ከፊሉ ተቃጥሏል።

በሳምንቱ ዳፍኒ ደወለች። «የኔ ውድ፣ ፈነዳህ እኮ! ሁሉም ያንን ድምፅ ነው የሚፈልጉት! ኮሎኔል አለ፤ ከዚያ ደግሞ ባንክ ዘራፊ አለ፤ ሁለቱም ይጮኻሉ!»

«ዳፍኒ፣ ያ ድምፅ የኔ አይደለም።»

«ማን ያውቃል ብለህ ነው?»

«እኔ አውቃለሁ።»

«አንተማ አንድ ሰው ነህ!» ብላ ሳቀች። ዋልዶ ስልኩን ዘጋው።

አሁን ስልኩ እንደገና እየጮኸ ነው። ዋልዶ ወደ ጓሮው በሚያየው መስኮት አጠገብ ቆሟል፤ አያነሳውም። ዊኒ እጇ ሳሙና ውስጥ ነው፤ ብታነሳው የምትለውን ማንም አይጽፈውም። ሞራግ ብስኩት ላይ ናት፤ ሐያሲው ሶፋው ላይ ነው። ሥራ የፈታህ አንተ ብቻ ነህ፣ አንባቢ ሆይ። ያን እሑድ ሻይህን ይዘህ ተጎልተህ፣ ማጅራቱ ሲናገር «ይሄ ነው አሜሪካዊ ማለት!» ያልከው አንተው አይደለህም? እንግዲያው አንድ ውለታ አለብህ። ተነስ፤ ስልኩን አንሳው። ዳፍኒ ናት። አትሳደብ፤ አትጩህባት፤ እሷ ለምዳዋለች። ጆሮህ ላይ ያዘውና ዝም ብለህ ቁም። «ሄሎ? ሄሎ? ዋልዶ?» ስትል ቁም። ባርኔጣ ካለህ አውልቅ። ስንት ሰከንድ ነው ብለህ እንዳትጠይቀኝ። መልሰህ አድርገው፤ ከዚያ በገዛ ድምፅህ፣ እናትህ በምታውቀው ድምፅ፣ ቀስ ብለህ፣ «በሩን...»